የማይራዘም ቀጠሮ፦ የወይዘሮ ኤርጎጌ ሀቢሶ ሕይወት ከሌሞ እስከ ጀርሚስተን

በ1969 ዓ.ም. በሰኔ ወር፣ በሐድያ ሌሞ ወረዳ የሚኖሩት ወይዘሮ ሎሚቴ ሀንዲሶ ቅቤያቸውን በኮባ ጠቅልለው ወደ ሆሳዕና ገበያ ሲወርዱ መንገድ ላይ ምጥ ያዛቸው። ፅንሱ ገና ወር ይቀረዋል ተብሎ ነበር፤ እሱ ግን አልጠበቀም። መንገድ ዳር ባለ የሰው ጓሮ፣ እንሰት መካከል፣ ወይዘሮ ኤርጎጌ ሀቢሶ ተወለዱ። ቅቤውም ወደ ቤት አልተመለሰም፤ የጓሮው ባለቤት ገዙት ይባላል። አባታቸው አቶ ሀቢሶ ላምቤቦ ወሬው ሲደርሳቸው «ይቺ ልጅ ቁጭ ብላ የምታረጅ አይደለችም» አሉ። እንዳሉትም ሆነ።

ፊደል የቆጠሩት በመንደራቸው ቤተ ክርስቲያን በተከፈተው ትምህርት ቤት ሲሆን፣ ከሰባተኛ ክፍል ጀምሮ በእግራቸው ወደ ሆሳዕና እየተመላለሱ በ1987 ዓ.ም. አሥራ ሁለተኛ ክፍልን አጠናቀቁ። ውጤታቸው ኮሌጅ አላደረሳቸውም። ጓደኞቻቸው ገና ሲያለቅሱ እሳቸው ሳልባጅ ልብስ ተሸክመው ገበያ ወጡ። በቤተ ክርስቲያናቸውም በመዘምራን ውስጥ አገልግለዋል፤ መዝሙር መሪው ግን «ኤርጎጌ ሁልጊዜ ከከበሮው ትቀድማለች» እያሉ ያማርሩ እንደ ነበር አብረዋቸው የዘመሩት ዛሬም ያስታውሳሉ።

በ1992 ዓ.ም. አቶ ሽጉጤ አቢሶ ሽማግሌ ልከው ጠየቋቸውና በቤተ ክርስቲያን ሥርዓት ተጋቡ። አቶ ሽጉጤ ትዳሩ በወጉ ሳይጠና በሞያሌ በኩል ወደ ደቡብ አፍሪካ ተጓዙ። ለሚስታቸው የተላከው መልእክት «ፕሮሰሱ እስኪያልቅ ጠብቂ» የሚል ነበር። ፕሮሰሱ አላለቀም፤ የወይዘሮ ኤርጎጌ ትዕግሥት ግን አለቀ። በ1996 ዓ.ም. ጨርቄን ማቄን ሳይሉ ያንኑ መንገድ ተከትለው ጆሃንስበርግ ገቡ። ስለ መንገዱ ሲጠየቁ «መንገድ ነው፤ አልፏል» ከማለት በቀር ለልጆቻቸው እንኳ አውርተው አያውቁም። ከዚህ በኋላ ያለው ዘመን፣ ሁላችንም እዚህ እንደምንቆጥረው፣ በፈረንጆች አቆጣጠር የተጻፈ ነው።

መጀመሪያ ያረፉት ዱርንፎንቴን በሚባለው የከተማው ሰፈር፣ በአንሶላ ተከፍሎ ብዙ ቤተሰብ በሚያድርበት ክፍል ውስጥ ነበር። በማግሥቱ ባለቤታቸው «ትንሽ ዕረፊ እንጂ» ቢሏቸው «በማን አልጋ ላይ?» ብለው ብርድ ልብስ በጀርባቸው አዝለው ሎኬሽን ወጡ። ሎኬሽን የምንለው ታውንሺፑን፣ ጥቁሮች የሚኖሩበትን የከተማ ዳር ሰፈር ነው፤ እዚያ በየደጁ እየዞሩ መሸጥ የብዙዎቻችን የመጀመሪያ ሥራ ነበር። ዙሉ የተማሩትም እዚያው ነው። ሰዋስው የሚባል ነገር አልነበራቸውም፤ ነገር ግን በ«ሳውቦና ማማ» ሰላምታ የጀመሩት ጨዋታ ሳይሸጥ አያልቅም ነበር።

በ2005 የመጀመሪያ ልጃቸው ፊቤ ተወለደች። ብዙም ሳይቆይ በጀርሚስተን አቅራቢያ ባለ ሎኬሽን ውስጥ ስፓዛ የሚሉትን ትንሽ የሰፈር ሱቅ ተከራዩ። በ2008 የስደተኞች ሱቆች ሲዘረፉ የስምንት ወር ነፍሰ ጡር ነበሩ። አንዲት ጎረቤታቸው በጓሮ አስገብተው፣ ልብስ ከምረውባቸው ደብቀው አተረፏቸው። ከሳምንታት በኋላ የተወለደውን ወንድ ልጅ ምሕረቱ ያሉት ለዚህ ነው። ሱቁም ተመልሶ ተከፈተ፤ በተከፈተ ዕለት መጀመሪያ የገቡት ያቺው ጎረቤት ነበሩ።

ሸቀጥ የሚያመጡት ከሜይፌር ሰፈር፣ ጅምላ መደብር ካላቸው ከስልጤዋ ወይዘሮ ሸፊቃ ነበር። ሁለቱ የተዋወቁት በጠብ ነው፤ ወይዘሮ ኤርጎጌ ተራ ሳይጠብቁ ባንኮኒ ዘለው ሳሙና ሲያወርዱ ተያዙ። ከጠቡ በኋላ ሻይ መጣ፤ ከሻዩ በኋላ ወዳጅነቱ ሥር ሰደደ። አንዷ የኢድ፣ ሌላዋ የገና ጥሪ ቀርተው አያውቁም። የሁለቱ ባሎች «እነዚህ ሴቶች ስልክ ላይ ነው የሚኖሩት» እስኪሉ ድረስ ወሬያቸው የሚቋረጠው ባትሪ ሲያልቅ ብቻ ነበር።

አሁን ወደ ዋናው ነገር እንምጣ፤ ለቀብር የተፈቀደልን ሰዓት አጭር ነው፣ የአስከሬን መኪናው ሰዎችም ሰዓታቸውን ማየት ጀምረዋል። ወይዘሮ ኤርጎጌ ግን ይህ ክፍል እንዳይዘለል አጥብቀው አዘዋል።

በጥገኝነት ፔፐር የምንኖር ሰዎች ኑሯችን በማራዘሚያ ነው። ፔፐሩ ለሦስት ወር ወይም ለስድስት ወር ይሰጣል፤ ሲያልቅ ፕሪቶሪያ ሄዶ፣ ተሰልፎ፣ ማኅተም አስመትቶ መመለስ ነው። ወይዘሮ ኤርጎጌ በዚህ አገር የኖሩት ዕድሜ ሁሉ በዚህ መልክ እየተራዘመ የመጣ ነበር። ልጆቻቸውን ያስተማሩት፣ ሱቁን የከፈቱት፣ የታመሙትም የዳኑትም በማራዘሚያ ውስጥ ነው። ስለዚህ አንድ ቀን ሲያልፍ የሚደነግጥ ልብ አልነበራቸውም፤ ማናችንም የለንም።

ከሱቃቸው ፊት ለፊት የሚኖሩት ነርስ፣ ሲስተር ቶኮዛኒ፣ ዳቦ ሊገዙ በመጡ ቁጥር አንድ ጥያቄ ነበራቸው፦ «ማማ፣ የማሕፀን በር ምርመራሽን አደረግሽ?» ወይዘሮ ኤርጎጌም «በሚቀጥለው ሳምንት» ይሉ ነበር። በ2020 መጀመሪያ ግን ሲስተር ደከማቸውና ባንኮኒው ላይ ተደግፈው እንዲህ አሏቸው፦ «ሠላሳ ዓመት ለሞላት ሴት መንግሥት በየዐሥር ዓመቱ አንድ ጊዜ፣ በጠቅላላው ሦስት ጊዜ በነፃ ይመረምራል። አንቺ አርባ አልፎሽ አንዱንም አልወሰድሽም። ነፃ ነገር የምትተዪ ምን ዓይነት ነጋዴ ነሽ?»

ይህች ቃል ወጋቻቸው። በዚያው ሳምንት ሱቁን ለአቶ ሽጉጤ ትተው ክሊኒክ ሄዱ። ሲመለሱ ለወይዘሮ ሸፊቃ ደውለው «ይህን ነው የፈራሁት? ጥርስ መነቀል ይብሳል!» አሏቸው። ውጤቱ ከሳምንታት በኋላ መጣ። ካንሰር አልተባለም። የማሕፀኑ በር ላይ ወደ ካንሰር ሊያመራ የሚችል ከባድ ለውጥ አለ፣ ሆስፒታል በመሣሪያ አይቶ የተበላሸውን ማንሣት አለበት ተባለ፤ ለሚያዝያ መጀመሪያም ቀጠሮ ተሰጠ። ከሲስተር ቶኮዛኒ በቀር ይህን የነገሩት ለወይዘሮ ሸፊቃ ብቻ ነው። ለባለቤታቸው አልነገሩም፤ «የሴት ነገር ነው፣ ሲያልቅ እነግረዋለሁ» አሉ።

በመጋቢት መጨረሻ በኮሮና ምክንያት አገሩ ተዘጋ። ስፓዛ ሱቅ ያለ ፈቃድ እንዳይከፈት ተባለ፤ ፖሊስ በየቀኑ ይመላለሳል፤ ደንበኛው ከመስኮቱ ውጭ ተሰልፎ ይጮኻል። ወይዘሮ ኤርጎጌ አፋቸውን በመሐረብ አስረው ፈቃድ ፍለጋ ከቢሮ ቢሮ ይሮጡ ነበር። የቆጡን አወርድ ብላ የብብቷን ጣለች የሚባለው እንዲህ ባለ ጊዜ ነው። በዚያው ሰሞን በስልኮቻችን ሁሉ አንድ ወሬ ገባ፦ ቢሮዎቹ ስለ ተዘጉ ጊዜው ያለፈበት ፔፐር በሙሉ እንደ ተራዘመ ይቆጠራል። ዓመቱን ሙሉ ስንጨነቅበት የነበረው ሰልፍ ቀረ። ጆሃንስበርግ ያለ ሐበሻ በሙሉ በዚያች ቀን ደስ ብሎት ዋለ።

ወይዘሮ ኤርጎጌም ወዲያው ለወይዘሮ ሸፊቃ ደወሉ።

«ፔፐሩ ተራዘመ!»

«አልሐምዱሊላህ። የሆስፒታሉስ?»

«እሱም ተራዝሟላ። አገር ተዘግቶ እኔን ማን ቁጭ ብሎ ይጠብቀኛል? ፔፐሩም የመንግሥት፣ ሆስፒታሉም የመንግሥት።»

«እሱስ እውነትሽን ነው» አሉ ወይዘሮ ሸፊቃ።

እንዲህ ብሎ የነገራቸው ሰው አልነበረም። ሌላ አገር ያደገ ሰው ይህን ሲሰማ ይደንቀው ይሆናል፤ ከእኛ ግን ማንም በእሳቸው ቦታ ቢሆን ያንኑ ባሰበ ነበር። ቀጠሮው ዕለት ሆስፒታሉ ክፍት ነበር። ለእንዲህ ዓይነት ሕመምተኛ በሩ አልተዘጋም። ባለመምጣታቸው ደውሎ የጠየቀ አልተገኘም፤ ቢደወልም ኖሮ ክሊኒኩ የያዘው ቁጥር የተጣለ ሲም ካርድ ነበር፤ እኛ ሲም እንደ ካልሲ የምንቀይር ሰዎች ነን። ይህን ሁሉ ያወቅነው ዘግይተን ነው፤ እስከ ዛሬም ያንገበግበናል።

ከዚያ በኋላ ፔፐሩ በተራዘመ ቁጥር እሳቸውም የሆስፒታላቸውን ቀጠሮ በልባቸው አብረው አራዘሙ። በዓመቱ መጨረሻ ከወር አበባቸው ጊዜ ውጭ ደም ማየት ጀመሩ። «ዕድሜ ነው» አሉ። ወገባቸውን ሲያማቸው የበቆሎ ዱቄት ጆንያ ማንሣቱን ወቀሱ። ወይዘሮ ሸፊቃ ደግሞ «ጭንቀት ነው፤ ኮሮና የሁሉንም ሰውነት አዛብቷል» አሉ። ሆስፒታል መሄድ ኮሮና ይዞ መመለስ ነው የሚባልበት ጊዜ ስለ ነበር ሁለቱም በዚህ ተጽናኑ።

ሲስተር ቶኮዛኒ በዚያ ዓመት በኮሮና ክፍል ተመድበው ሰፈር ውስጥ አይታዩም ነበር። በመጋቢት 2021 አንድ ቀን ዳቦ ሊገዙ ገቡ።

«ማማ፣ ሆስፒታሉ ምን አለሽ?»

«ተራዝሟል ሲስተር።»

«ማነው ያራዘመው?»

«መንግሥት ነዋ። ለሁላችንም ኤክስቴንድ አድርጓል።»

ሲስተር ዳቦውን ባንኮኒው ላይ መልሰው አስቀመጡት። «እሱ ፔፐርሽ ነው» አሉ። «ይሄ ሰውነትሽ ነው። ደም ታያለሽ?»

ወይዘሮ ኤርጎጌ ወደ ጓዳ ዞር ብለው አዩ፤ አቶ ሽጉጤ ዕቃ ይደረድራሉ። ከዚያም ራሳቸውን በአዎንታ ነቀነቁ። ጥግ ላይ የቤት ሥራዋን ትሠራ የነበረችው ፊቤ «ማሚ፣ ዋት? ሲንስ ዌን?» ብላ ተነሣች። አቶ ሽጉጤ የሚስታቸውን ሕመም የሰሙት በዚህ ሁኔታ ነው። የሱቁን መዝጊያ አወረዱና ታክሲ ፍለጋ ወጡ።

ካንሰሩ ሦስተኛ ደረጃ ደርሶ ተገኘ። ሐኪሞቹ ይህ በሽታ ብዙ ጊዜ ለዓመታት ቀስ ብሎ እንደሚሄድ፣ የእሳቸው ግን ምናልባት መጀመሪያም ከጫፍ ደርሶ እንደ ነበር ነገሯቸው። በቀጠሮው ቢታዩ ኖሮ መዳናቸው አይቀርም ነበር ብሎ የማለ ሐኪም የለም። ቢታዩ ኖሮ ግን ቀድሞ ይታወቅ ነበር፤ ይህን ሁሉም ተስማምተውበታል።

የጨረር ሕክምና ተጀመረ። ዕድሜ ልካቸውን አንድ ቦታ ቆመው የማያውቁ ሴት ማሽን ሥር ተጋድመው እንዳይንቀሳቀሱ ታዘዙ። «ከበሽታው ይልቅ ይሄ አትንቀሳቀሺ የሚለው ነው የሚገድለኝ» ይሉ ነበር፤ እውነትም ትንፋሻቸውን ይዘው እያለቀሱ ነበር የሚጨርሱት። በሐምሌ ከተማው ሲታወክ ታክሲ ቆመ፣ መንገድ ተዘጋ፣ ሕክምናውም ተቋረጠ። በዚያ ሰሞን ብዙ ሱቅ ተዘርፏል፤ የእሳቸውን ሱቅ ግን የሰፈሩ ሰዎች በር ላይ ቆመው ጠብቀውላቸዋል። «ሱቁን ለጠበቁልኝ እኔ ምን ልጠብቅላቸው?» ብለው የጠየቁት ያኔ ነው። መልሱንም ራሳቸው አገኙት፤ ስልክ አነሡ።

ከአልጋቸው ላይ ሆነው ያልደወሉላት ሴት የለችም። ዱርንፎንቴን፣ ሜይፌር፣ ጀርሚስተን፣ በስም የሚያውቋቸውንም የማያውቋቸውንም። አጀማመራቸው አንድ ነበር፦ «ስንት ዓመትሽ ነው? አትዋሺኝ፣ ፔፐርሽ ላይ ያለውን ሳይሆን እውነተኛውን ንገሪኝ።» ፊቤ «ማሚ ፕሊስ፣ ረስት አድርጊ» ስትላቸው «ለዕረፍቱ ጊዜ አለኝ» ይሉ ነበር።

ለሴቶቹ የነገሩትን እዚህም እንዲነበብ አዘዋል። ሠላሳ ዓመት የሞላሽ ሴት፣ ደኅና ነኝ ብትዪም፣ ምንም ባያምሽም ሂጂ፤ ምርመራው ለጤነኛ ሴት ነው፣ ሳይቃጠል በቅጠል የሚባለው ይህ ነው። ንጹሕ ከተባልሽ በዐሥር ዓመቱ ድገሚው። ኤች አይ ቪ በደምሽ ካለ ዐሥር ዓመት አትጠብቂ፤ እንዳወቅሽ ተመርመሪ፣ ከዚያም በየሦስት ዓመቱ። የወር አበባ ላይ ሳለሽ አትሂጂ፤ ከሁለት ቀን በፊት ጀምሮም ከባልሽ ጋር አትገናኚ፣ ውስጥሽንም በምንም ነገር አትታጠቢ። ከግንኙነት በኋላ ወይም ያለ ጊዜው ደም ካየሽ፣ የወር አበባሽ ከቆመ በኋላም ካየሽ፣ ፈሳሽሽ ከሸተተ፣ ዕድሜ ሳትቆጥሪ በዚያው ሳምንት ሂጂ። ውጤትሽን ሳትሰሚ አትቅሪ። ሴት ልጅ ያለሽ፣ ትምህርት ቤት ለዘጠኝ ዓመት ልጆች የሚሰጠው ክትባት ያመክናል የሚለውን ወሬ አትስሚ፤ የፊቤን ወረቀት እኔ ራሴ ፈርሜያለሁ። እሷም ግን ሠላሳ ሲሞላት ትመረመራለች።

ለሐኪሞችና ለነርሶችም መልእክት አላቸው። በመካከላችን እንዳሉ ስለምናውቅ ቢሰሙ አይከፋንም። የሰው ሚስት ስትመጣባችሁ የባሏን ወንድም አስተርጓሚ አታድርጉ፤ እግሬን ነው የሚያመኝ ትላችኋለች። ሴት አስተርጓሚ ፈልጉ፤ ካጣችሁም ወንዱን አስወጥታችሁ በምልክት ጠይቁ። ስልኳን ብቻ ሳይሆን የጎረቤቷንም ስልክ ያዙ። ቀጠሮ ስትሰጡ «ይህ እንደ ፔፐር አይደለም፣ ቢሮ ቢዘጋም እኛ እንጠብቅሻለን» በሏት። ካልመጣች ደግሞ አልመጣችም ብላችሁ አትለፉ፤ ለምን እንደ ቀረች ጠይቁ።

ይህ ጽሑፍ ያለ ክርክር አልተጻፈም። የቤተ ክርስቲያናችን ሽማግሌ አቶ ማርቆስ የሕመሙ ስም በቀብር ላይ እንዲጠራ አልፈለጉም፤ ልማዳችን «ባደረባቸው ሕመም» ብሎ ማለፍ ነው፣ ሰውም በኮሮና ነው ቢል ምን ቸገረን አሉ። ወይዘሮ ኤርጎጌ ይህን ሲሰሙ ስልኩን አስደውለው ድምፁን ለቤቱ ሁሉ ከፈቱት። «ጋሼ ማርቆስ» አሉ፣ «የማሕፀን በር የሚባለው እርስዎ ወደዚህ ዓለም የመጡበት በር ነው። ሲወጡበት ያላፈሩበትን፣ አሁን ስሙን መጥራት ምን አሳፈረዎት?» አቶ ማርቆስ እንደ ልጅ ሳቁ፤ ሲስቁም አለቀሱ። በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም የሚለውን እሳቸው ራሳቸው ስንት ጊዜ እንደ ሰበኩ አስታወሱ። ወይዘሮ ኤርጎጌም ሳይለቋቸው «እንግዲያው አንባቢው እርስዎ ነዎት፤ እዚያ ቦታ ላይ ሲደርሱ ድምፅዎን ዝቅ እንዳያደርጉ» አሏቸው። አሁን የምትሰሙት ድምፅ የአቶ ማርቆስ ነው፤ ዝቅ አላደረጉም።

አንድ ነገር ግን አልተሳካላቸውም። የደወሉላቸው ሴቶች ሲሄዱ፣ ወይዘሮ ሸፊቃ አልሄዱም። መጀመሪያ ከዐረፋ በኋላ አሉ፤ ከዚያ ዕቃ ከገባ በኋላ አሉ። በኋላ ግን እውነቱን ተናገሩ፦ እናታቸው ስልጤ ውስጥ ደም ሲፈስሳቸው ኖረው፣ ስሙ ሳይጠራ፣ ማንም ሳይጠይቅ አርፈዋል፤ ለራሳቸው ያንኑ እንዳይሰሙ ይፈራሉ። የታመመች ወዳጃቸው እግር ሥር ቁጭ ብለው «አንቺ እዚህ ተኝተሽ እኔ ለራሴ ሐኪም ቤት? ወላሂ አልጋሽን ትቼ የትም አልሄድም» አሉ። ወይዘሮ ኤርጎጌ ተቆጡ፣ ለመኑ፣ ፊታቸውንም ወደ ግድግዳ አዞሩ። በመጨረሻ «በሽታዬን ሰበብ አደረግሽው። ይኼ ከሁሉ በላይ ያመኛል» አሉ። ወይዘሮ ሸፊቃ የወዳጃቸውን እጅ ይዘው ቁጭ አሉ።

በነሐሴ መጀመሪያ ኩላሊታቸው ደከመ። አስከሬናቸው ወደ አገር ቤት እንዲላክ ወገን ለማዋጣት ሲነሣ «ልጆቼ ባሉበት ቅበሩኝ፣ እዚያ ማን ይመላለሳል?» ብለው ከለከሉ። ሰኞ፣ ነሐሴ 10 ቀን 2013 ዓ.ም.፣ በፈረንጆች ኦገስት 16 ቀን 2021፣ ጠዋት፣ ባለቤታቸውና ልጆቻቸው በተገኙበት፣ በማሕፀን በር ካንሰር ምክንያት በአርባ አራት ዓመታቸው ወደ ጌታቸው ሄዱ።

ወይዘሮ ኤርጎጌ የአንዲት ሴት ልጅና የአንድ ወንድ ልጅ እናት ነበሩ። ባለቤታቸው አቶ ሽጉጤ አቢሶ፣ ልጆቻቸው ፊቤና ምሕረቱ ሽጉጤ፣ እናታቸው ወይዘሮ ሎሚቴ ሀንዲሶ፣ እህቶቻቸውና ወንድሞቻቸው፣ የሱቃቸው ደንበኞችና ጎረቤቶቻቸው በሐዘን ቀርተዋል። በበሽታቸው ጊዜ ለደገፏቸው ለሲስተር ቶኮዛኒ፣ ሐዘንተኛ በሩቅ ቆሞ እንዲያለቅስ በታዘዘበት በዚህ ክፉ ጊዜ እንኳ ለመጣችሁ ሁሉ፣ ቤተሰቡ እግዚአብሔር ይስጥልን ይላል። መሮጥ የማይደክማቸውን እናታችንን፣ እንባን ሁሉ የሚያብስ አምላክ በእቅፉ ያሳርፍልን፤ ለልጆቻቸውም አባትም እናትም ይሁናቸው።

ከቀብር በኋላ ለቅሶ ቤት መቀመጥ በሕግ ተከልክሏል፤ ድንኳንም ንፍሮም የለም። ወይዘሮ ኤርጎጌ ይህን ያውቁ ነበርና ሐዘንተኛው ባዶውን እንዳይበተን አስበዋል። የሱቃቸውን ደንበኛ ባለ ታክሲ አስጠርተው ለዛሬ ተነጋግረዋል። ሲስተር ቶኮዛኒም ክሊኒካቸው ከሰዓት በኋላ ለእናንተ ክፍት እንዲሆን አድርገዋል። ሠላሳ ዓመት የሞላችሁ፣ ገና ያልተመረመራችሁ ሴቶች፣ የሚሳፈሩት እናንተ ናችሁ፤ ከሹፌሩ ኋላ ያለው ወንበር ግን ተይዟል፣ ማንም እንዳይቀመጥበት። ይህ ቃል የወይዘሮ ኤርጎጌ ነው፣ አቶ ማርቆስም እንደ ተጻፈ ያነቡታል፦ «ሸፊቃ፣ አልጋዬን ትቼ አልሄድም ብለሽ ነበር። አሁን አልጋዬ ባዶ ነው። ታክሲው በር ላይ ቆሟል፤ ግቢ።»